የካሜራው ቦታ

ባለፈው ማክሰኞ ኤድመንተን ላይ ከአውቶቡስ ወረድኩና ጉልበቴን ላሳርፍ ብዬ አንድ ሱቅ ደጃፍ ቆምኩ። ሱቁ ድሮ ጫማ መጠገኛ ነበር። አሁን የምሥራቅ አውሮፓ ሰዎች ይዘውት በጠርሙስ የታሸገ ኪያር፣ የተጨሰ ዓሣና ጥቁር ዳቦ ይሸጡበታል። አንዲት ሴት በሩን ከፍታ ስትወጣ የዳቦው ሽታ ተከትሏት መጣ። ኮምጠጥ ያለ፣ ነጭ አዝሙድ ነጭ አዝሙድ የሚል፣ ከሥሩ ትንሽ የተቃጠለ ስኳር ያለበት ሽታ ነው። መስኮቱን ደገፍ አልኩ። ባለሱቋ ብቅ ብላ ደህና ነሽ ወይ አለችኝ። የማውቀው ሰው ትዝ ብሎኝ ነው ልላት ነበር፤ ግን ከየት ጀምሬ የት ልጨርስላት? ገብቼ ዳቦውን ገዛሁ። ያኔ አንድ ፓውንድ ከሃያ ነበር፤ አሁን ሦስት ተኩል ሆኗል። ቤቴ ገብቼ አንድ ቁራጭ ቆረጥኩና ሳልበላው፣ ካፖርቴንም ሳላወልቅ ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። እንደዚህ ነው እንግዲህ ሰው ሲያረጅ፤ አንድ ቁራጭ ዳቦ ያስቀምጠዋል።

ነገሩ ያ ምርጫ ካለፈ በኋላ በነበሩት ዓመታት ነው። ስንት ዓመተ ምሕረት እንደነበር አትጠይቁኝ፤ እኔ ለንደንን የማስታውሰው በአውቶቡስ ነው። ከኋላው ክፍት የነበረው፣ እየሮጥን የምንንጠላጠልበት ቀይ አውቶቡስ ከመንገድ የወጣበት ሰሞን ነበር። ያን ጊዜ አበሻ ሁሉ የአምስት ፓውንድ የስልክ ካርድ በጥፍሩ እየፋቀ አገር ቤት ማን ታሰረ፣ ማን ተፈታ እያለ ይጠያየቃል። በርበሬ ልገዛ ሼፈርድስ ቡሽ ስወርድ በሱቁ በር ላይ ሁለት ጎልማሶች ተያይዘው ይቆያሉ፤ አንዱ ድምፃችን ተሰረቀ ይላል፣ አንዱ አንተ እዚህ ተቀምጠህ የምን ድምፅ ይለዋል፤ ከውስጥ ካሴቱ ስለ ፍቅር ይዘፍናል። ልጄ ረድኤት እዚሁ የተወለደች ናት። ያን ጊዜ ኮሌጅ ገብታ ሱሪዋ ከወገቧ እየወረደ፣ እኔ እየጎተትኩ ስመልሰው እማዬ ፕሊስ፣ ኢትስ ፋሽን ትለኝ ነበር። እኔ ደግሞ ኬረር ነኝ፤ በየቤቱ እየሄድኩ አቅመ ደካሞችን እረዳለሁ። ሰማያዊ ሸሚዝ፣ ወገቡ ላስቲክ የሆነ ጥቁር ሱሪ፣ ከውስጥ ሁለት ካናቴራ። ጠዋት ሃክኒ አንዲት አሮጊት አጥባለሁ፣ ከዚያ በሁለት አውቶቡስ ኤድመንተን እሄዳለሁ፤ ለእያንዳንዱ ሰው አርባ አምስት ደቂቃ ነው የሚሰጠን። የዚያን ጊዜ ድካም ዛሬም ከወገቤ አልወጣም።

ጋሽ ታሊን ያገኘኋቸው የቀጠረኝ ኤጀንሲ ወደ አንድ ፍላት፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ የዓይን ሕመምተኛ ሽማግሌ ዘንድ ሲልከኝ ነው። ሙሉ ስማቸው ታሊቫልዲስ ነው፤ ላትቪያ ከሚባል አገር የመጡ ናቸው። ልጃቸው ኢልዜ የአውሮፓ ድንበር እንደተከፈተላቸው ለሥራ መጥታ ዌርሃውስ፣ ዕቃ መጋዘን፣ ገብታ ነበር፤ እሳቸውን በኋላ ነው ያመጣቻቸው። በመጀመሪያው ቀን በሩን ሲከፍቱልኝ ከውጭ ገና መግባታቸው ነበርና ፊቴ ቆመው ጓንታቸውን ማውለቅ ጀመሩ። ከትንሿ ጣት ጀምረው አንድ በአንድ ሳብ ሳብ እያደረጉ አወለቁና መዳፋቸውን ወደ መስኮቱ ዘርግተው ትንሽ አዩት። ደነገጥኩ። ይህን ሰውዬ የሆነ ቦታ ሲሞት አይቼዋለሁ አልኩ በልቤ።

ለማን ይወራል ይሄ? ሻይ አፈላሁ፣ የዓይን ጠብታ አደረግሁላቸው፣ መዝገቡ ላይ ፈርሜ ወጣሁ። አውቶቡስ ላይ ሳለሁ ነው የመጣልኝ። በዚያ በካኪው ዘመን እኛ ቀበሌ እሁድ እሁድ ስብሰባ ነበረ። ሰው ስብሰባው ላይ እንዲቆይ መጨረሻ ላይ ፊልም ያሳዩናል፤ በሩም ስለሚቆለፍ መውጣት የለም። የሩስያ የጦርነት ፊልም ነው የሚመጣው። እኔ ያኔ ሃያ ዓመቴ ገደማ ነው፤ ፀጉሬ አፍሮ፣ እግሬ ላይ ኮንጎ ጫማ፣ በእጄ የአሥር ሳንቲም ሱፍ። ትምህርቴ ሰባተኛ ክፍል ላይ ቆሞ ነበርና ሱፉን ከጨረስኩ በኋላ የተጠቀለለበትን ጋዜጣ ዘርግቼ አነባለሁ፤ ያወቅሁትን ሁሉ እንደዚያ ነው የለቀምኩት። ታዲያ በአንዱ ፊልም አንድ የጀርመን መኮንን ተመቶ ነጭ ግንድ ያለው ዛፍ ላይ ይደገፋል። ሰው ሁሉ ያጨበጭባል። እሱ ግን ቀስ ብሎ ጓንቱን አንድ በአንድ አውልቆ መዳፉን ያያል፤ አይቶ አይቶ ይወድቃል። እኔ አለቀስኩ። አጠገቤ የነበረችው ጓደኛዬ ለጠላት ታለቅሻለሽ ብላ በክርኗ ጎሸመችኝ፤ ያን ጊዜ ማልቀስም የሚታይበት ነበር። ለምን እንዳለቀስኩ አላውቅም። ሊሞት ያለ ሰው እጁን ሲያይ የሚያስበው ነገር ያለ መሰለኝ።

በማግስቱ ነገርኳቸው። በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ ዛፉን፣ ጓንቱን፣ ቀበሌውን ሳይቀር አስረዳኋቸው። ጋሽ ታሊ ሻያቸውን አስቀምጠው እስኪያስላቸው ሳቁ። "የማስበውማ ነበር፤ ደመና መጥቷል ወይስ አልመጣም እያልኩ ነበር" አሉኝ። ለካ ሰውዬው ተዋናይ አይደሉም፣ የካሜራ ባለሙያ ናቸው። ብርሃንን የሚለኩት መዳፋቸው ላይ አርፎ ሲያዩት ነው። የዚያን ቀን መኮንኑን ሆኖ የሚሠራው ሰው ጠጥቶ መጥቶ እርጥብ ሣር ላይ አልወድቅም አለ። ዳይሬክተሩ ብሩኖ ወደ ጋሽ ታሊ ዞሮ ያንተ ፊት በነፃ ነው፣ ልብሱን ልበስ አላቸው። መብራቱን ራሳቸው አስተካክለው፣ ካሜራውን ለረዳታቸው ሰጥተው፣ ሮጠው ሄደው ራሳቸው ባዘጋጁት ብርሃን ውስጥ ቆሙ። ከዚያ የረዳታቸው ነገር አላምን ስላላቸው፣ እየሞቱ ሳለ ጓንታቸውን አውልቀው ብርሃኑን ቼክ አደረጉ። ብሩኖ ደስ አለው፤ ይሄ ነው መሞት አለ። ከዚያ በኋላ በየፊልሙ የሚገደል ጀርመን ሲፈለግ እሳቸው ይጠራሉ። "አሥራ አንድ ጊዜ ሞቻለሁ፤ አሥራ አንዱንም ጊዜ ብርሃን እያየሁ ነው የሞትኩት" ይሉኝ ነበር። እኔ እንባዬን ለደመና ነው እንዴ ያፈሰስኩት ብዬ ተናደድኩ። ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ጋሽ ታሊ አልኳቸው። ጋሽ ምንድን ነው ሲሉኝ፣ ታላቅ ወንድም እንደማለት ነው አልኳቸው። እንግሊዝኛ አንተና አንቱ የለውም፤ እኔ ግን በልቤ አንቱ እያልኩ ነበር የማዋራቸው።

ታሪካቸውን በአርባ አምስት፣ በአርባ አምስት ደቂቃ ነው የሰማሁት፤ እግራቸውን ስቀባ ትንሽ፣ ሾርባ ሳሞቅ ትንሽ። በልጅነታቸው ቤተሰባቸው ወደ በረዶ አገር ተግዞ ነበር፤ ስለዚያ ብዙ አይናገሩም። ተመልሰው ሲመጡ ገና ጢም ሳያወጡ ፊልም ቤት ተቀጥረው የካሜራውን ባለ ሦስት እግር መቆሚያ ይሸከሙ ነበር። ትከሻቸው ላይ የቀረውን ጠባሳ ሳጥባቸው አይቼዋለሁ። ከመሸከም ወደ መንካት፣ ከመንካት ወደ ማየት ለመድረስ ዘጠኝ ዓመት ፈጀብኝ ይሉኛል። ከዚያ ከብሩኖ ጋር ገጠሙ፤ ብሩኖ ይጽፋል ያዛል፣ እሳቸው ያያሉ። እየተሰዳደቡ ሠላሳ ምናምን ዓመት አብረው ሠሩ። በኋላ መንግሥት ተቀየረ፣ ፊልም ቤቱ ተዘጋ፣ መብራቱ በኪሎ ተሸጠ። ጋሽ ታሊ አንዲት ትንሽ የቪዲዮ ካሜራ ይዘው ሠርግ፣ ክርስትና፣ ቀብር ማንሳት ጀመሩ። ለንደንም መጥተው አንዴ ተውነዋል። ረድኤት ጓደኞቿ ለኮሌጅ ሥራቸው ሽማግሌ ይፈልጋሉ አለችና ወሰደቻቸው። አግዳሚ ላይ ቁጭ ብሎ እርግብ ማየት ብቻ ነው። በሁለት ሰዓት ውስጥ ተመለሱ። መብራቱን ያስቀመጠውን ልጅ ቦታው ልክ አይደለም ብለውት አራት ጊዜ አስነሥተውታል። ረድኤት እማዬ፣ ሂ ቱክ ኦቨር፣ እርግቧን ሳይቀር ዳይሬክት አደረጋት ብላ እየሳቀች ነገረችኝ።

አሁን የቃሉን ነገር ልንገራችሁ፤ ሁሉም ነገር የመጣው ከሱ ነውና። በእነሱ አገር ሰው ሲሞት ቤተሰቡ ሬሳ ሣጥኑን ከቦ ፎቶ ይነሳል፤ እኛም ዘንድ ለቅሶ በቪዲዮ የሚያስቀርጽ አለ አይደል፣ እንደዚያ። ጋሽ ታሊና ብሩኖ ቃል ተገባብተው ነበር፤ ቀድሞ የሞተውን የቀረው ያነሳዋል። ስለዚህ ያቺ ትንሽ ካሜራ በግራጫ የሱፍ ካልሲ ውስጥ ሆና ቁም ሣጥኑ ላይ ትቀመጣለች፤ እሁድ በመጣ ቁጥር ባትሪዋን ይሞላሉ። ብሩኖ ልቡ ደካማ ነው፣ እኔ ዓይኔ ደካማ ነው፣ እንግዲህ ማን እንደሚቀድም እናያለን ይላሉ። ሌላ ሕልም አልነበራቸውም። የዓይን ሞራቸውን ለመገፈፍ የተስማሙት እንኳ ለዚህ ብለው ነው፤ ኢልዜ ስትለምናቸው እምቢ ሲሉ ቆይተው፣ ብሩኖን ደብዛዛ አድርጌ አላነሳውም ብለው ሄዱ።

በዚያ ሰሞን ኢልዜ ለሥልጠና ወደ ሰሜን ተልካ ነበር። አንድ ዓይናቸው በተሠራ በሦስተኛው ቀን፣ ሰኞ፣ አውቶቡስ ላይ ሳለሁ ደወለችልኝ። ብሩኖ ዛሬ ጠዋት ሞተ፤ አባዬ ስልክ አያነሳም፣ ስትደርሺ ንገሪውና ይደውልልኝ አለችኝ። እሺ አልኳት። ደረስኩ፤ ጋሽ ታሊ ዓይናቸው ላይ የፕላስቲክ ክዳን ተለጥፎ፣ ብቻቸውን ወንበር ላይ ተቀምጠው ሬዲዮ ይሰማሉ። ያስካለ ሻይ መጣ አሉኝ፤ አስካለ ነው ስሜ። አቃተኝ። እንዴት ነው በጠራራ ቀን፣ ከዓይን ሕመም ገና ላልተነሳ ሰው፣ አጠገቡ ዘመድ ሳይኖር፣ ኮቴን ሳላወልቅ ጓደኛህ ሞተ የምለው? እኛ ዘንድ መርዶ እንዲህ አይነገርም። እኔ ራሴ እናቴ ስትሞት እዚሁ ለንደን የቤተ ክርስቲያን ሰዎች ከሳምንት በኋላ ንጋት ላይ መጥተው ነው ያረዱኝ፤ ያን ሁሉ ቀን እያወቁ ሲያስቁኝ ከርመዋል። ዛሬም አመሰግናቸዋለሁ፤ ቢያንስ ስወድቅ የሚይዘኝ ሰው ነበረ። ስለዚህ ሰው እስካሰባስብ፣ ዓይናቸውም እስኪጠና ይቆይ አልኩ። ደግሞስ ምን ያስቸኩላል? ሰኞ የሞተ ማክሰኞ ይቀበራል፤ ተቀብሯል፣ ሐዘኑ ብቻ ነው የቀረው። እንደዚህ ነው ያሰብኩት። የትኛውም አበሻ እንደዚህ ነው የሚያስበው።

ረቡዕ ኢልዜ ነገርሽው ወይ ብላ መልእክት ላከች። ቀስ እያልኩ ነው አልኳት። እሷ የተነገራቸው መሰላት። አባቷ ሲያዝኑ ለቀናት ከማንም ጋር እንደማይነጋገሩ ታውቃለችና ሳትደውል ቀረች። እኔ ደግሞ ሰው ሥራ የማይገባበት ቀን ቅዳሜ ስለሆነ ለቅዳሜ አቀድኩ። የቤት ለቤት ጸሎት ኅብረታችን አለ። እትዬ ብርሃኔን፣ መጋቢያችንንና ሁለት እህቶችን ለመንኩ። ኤጀንሲው ቢሰማ ያባርረኛል፤ ሰው ይዞ ታማሚ ቤት መግባት ክልክል ነው። ቅዳሜ ንጋት ላይ፣ በእኛ አሥራ አንድ ተኩል ገደማ፣ አምስታችን በዚያ ብርድ ነጠላችንን በካፖርት ላይ ደርበን፣ መጋቢ ጥቁር ረጅም ኮታቸውን ለብሰው፣ ድምፃችንን ዝቅ አድርገን ሦስተኛ ፎቅ ወጣንና አንኳኳን።

ከውስጥ ኮቴ ተሰማ። በበሩ ቀዳዳ ሲያዩን ተሰማኝ። ከዚያ ኮቴው ወደ ውስጥ ተመለሰ። ጋሽ ታሊ፣ እኔ ነኝ ልል አስቤ፣ ጎረቤት እንዳልቀሰቅስ ብዬ ዝም አልኩ፤ ይሄም ራሱን የቻለ ጥፋት ነበር። ብዙ ቆየ። ሲከፈት ጋሽ ታሊ ካፖርታቸውን እስከ አንገታቸው ቆልፈው፣ ባርኔጣ አድርገው፣ የጫማቸውን ክር አጥብቀው ቆመዋል። በአንድ እጃቸው ትንሽ ሻንጣ፣ ብብታቸው ውስጥ ግማሽ ጥቁር ዳቦ። ዓይናቸው ላይ ያ ክዳን አለ፤ በሌላው የሚያዩት እኔን አይደለም፣ የመጋቢን ኮት ነው። በራሳቸው ቋንቋ አንድ ነገር አሉ፤ ከዚያ በእንግሊዝኛ ረጋ ብለው፣ "ልጄ የለችም። እኔ ብቻ ነኝ፤ ዝግጁ ነኝ" አሉ።

እኔ አልገባኝም። የገባት እትዬ ብርሃኔ ናት። በዚያ በካኪው ዘመን ወንድሟን እንደዚህ ንጋት ላይ መጥተው ነው የወሰዱት፤ እስከ ዛሬ መቃብሩን አታውቅም። ከመሃላችን ወጣችና መጀመሪያ ዳቦውን፣ ቀጥላ ሻንጣውን ከእጃቸው ቀስ ብላ ተቀበለች። እንግሊዝኛ እንኳን የላትም፤ በአማርኛ ነው ያናገረቻቸው። "አይዞህ ወንድሜ። እነሱ አይደለንም፤ እኛ ነን" አለቻቸው። ምን እንደሰሙ አላውቅም፤ ክንዷን ይዘው ገቡ። ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ። እኔ ጉልበታቸው ሥር ተንበርክኬ ነገርኳቸው፤ ብሩኖ አረፈ አልኳቸው።

መቼ አሉኝ። ሰኞ አልኩ። ዛሬ ምን ቀን ነው አሉ። ቅዳሜ አልኳቸው። በጣታቸው ሲቆጥሩ አየሁ። "ትናንት ቀብረውታል" አሉ። በእነሱ አገር ሰው በአራተኛው፣ በአምስተኛው ቀን ነው የሚቀበረው፤ ከሩቅ የሚመጣው እስኪደርስ ይጠበቃል። እኔ ማክሰኞ የተቀበረ መስሎኝ ነው አልኳቸው። ተነሥተው ካሜራዋን ከካልሲዋ አወጡ። ባትሪውን ነቅለው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት። ሙሉ ነው አሉ።

ኅብረቱ እስከ ማታ አልሄደም፤ ሐዘንተኛ ጥሎ አይኬድም። መጋቢ ሥራ አላቸው፤ ግን ኮታቸውን አውልቀው በረንዳ ላይ ሰቅለው ሸሚዝ ብቻ ሆነው ተቀመጡ፤ በዚያ ብርድ። እትዬ ብርሃኔ በእኔ አስተርጓሚነት፣ ጓደኛህ ምን ዓይነት ሰው ነበር አለቻቸው። ስስታም ነበር አሉ። በኋላ ደግሞ እርጥብ ሣር ላይ አልወድቅም ስላለው ሰካራም ነገሩን። ሲመሽ ያን ዳቦ ቆራርሰው ለሁላችንም አደሉን። ቀኑን ሙሉ ሲያለቅሱ አላየሁም፤ ሐኪሙ አታልቅስ ብሎኛል አሉ።

እሁድ ኢልዜ መጣች። በረንዳው ላይ አቁማ አነጋገረችኝ፤ ጮኻ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። "ልታሳዝኚው አልፈለግሽም፤ እሺ። ግን እዚያ መቆም ነበረበት፤ እኔም ሄዷል ብዬ ነበር። የካሜራውን ቦታ ባዶ ትተው አንድ ሰዓት ሙሉ ጠብቀውታል። የብሩኖ ሚስት ማንም እንዲያነሳ አልፈቀደችም" አለችኝ። አሁንም ድረስ ስደክም የሚመጣብኝ ያ ባዶ ቦታ ነው። አይቼው አላውቅም፤ ግን አየዋለሁ። ኤጀንሲውን ለምኜ ወደ ሌላ ሰው ተቀየርኩ። በማላውቃቸው ደረጃዎች እየወጣሁ እየወረድኩ ሁለት ሳምንት ሆነኝ። አንድ ቀን ስልኬ ጮኸ። ጋሽ ታሊ ናቸው። አዲሷ ልጅ ሻይ ስታፈላ የምታጥበው ብርጭቆውን ነው ወይስ ሻዩን አሉኝ። ይቅርታ ልላቸው አፌን ስከፍት አቋረጡኝና፣ "አስካለ፣ አንድ ቀብር አለብሽ። ነይ፣ አስተምርሻለሁ" አሉኝ።

እንግዲህ እኔ፣ ሰባተኛ ክፍል ላይ የቆምኩት ሴት፣ ኤድመንተን ሦስተኛ ፎቅ ላይ ፊልም ማንሳት ተማርኩ። ክርንሽን ጎንሽ ላይ አጣብቂ፣ ትንፋሽሽን አውጪ፣ ከዚያ እስከ አሥር ቁጠሪ፤ አሥር ሳይደርስ አትንቀሳቀሺ። ሌላ ትምህርት የለም አሉኝ። በመስኮት የአውቶቡስ ፌርማታውን አነሳለሁ፤ ያልተሠራው ዓይናቸው እየጨለመ ሄዶ ስለነበር አፍንጫቸውን ስክሪኑ ላይ ለጥፈው ያያሉ። አውቶቡሱን ለምን አሳደድሽው፣ እሱ መንገዱን ያውቃል ይሉኛል። ሻንጣ የምትጎትት ሴትዮ አንስቼ ሳሳያቸው፣ ድካሟን አይተሻል፣ ብርሃኑን ግን አላየሽም አሉኝ። እጄን በመስኮቱ ዘርግቼ መዳፌን እንዳይ ያደርጉኛል። ስንት ዓመት ሰው ያጠብኩበትን እጅ ያን ጊዜ ነው በደንብ ያየሁት፤ ቆዳው ተሰነጣጥቋል፣ ከላይ የወረደው ብርሃን በየስንጥቁ ገብቷል። ያ መኮንን ያየውን አየሁ ልበል? ደመና ነበር።

ሁለት ዓመት እንደዚያ ቆየን። ከመሞታቸው በፊት አንድ ነገር ብቻ አስማሉኝ። ለኢልዜ በዚያው ቀን፣ በስልክ፣ በአንድ ቃል ትነግሪያለሽ፤ ማንንም አትሰበስቢም አሉኝ። ማልኩ። ሆስፒታል ውስጥ፣ ከቀትር በኋላ፣ እጃቸው እጄ ውስጥ እንዳለ አለፉ። ኮሪደር ላይ ወጥቼ ስልኬን ያዝኩ። ኢልዜ ዌርሃውስ ናት፣ ብቻዋን ናት፣ ትወድቅ ይሆናል፣ ማን ይይዛታል እያልኩ፣ ደምና ሥጋዬ ሁሉ ቆይ፣ ሰው ይምጣ እያለኝ ደወልኩ። ስታነሳ፣ "ኢልዜ፣ አባትሽ ሞተ" አልኳት። ከኋላዋ የማሽን ድምፅ ይሰማኛል። ከዚያ፣ "አመሰግናለሁ፤ ካሜራውን አምጪው" አለችኝ። ስልኩን ዘግቼ መሬት ላይ ተቀመጥኩ፤ የወደቅሁት እኔ ነኝ።

ቀብሩ እዚሁ ኤድመንተን በስምንተኛው ቀን ሆነ። የእነሱ ሰው ጥቂት ነው፤ የዌርሃውስ ጓደኞቿ አምስት ስድስት ይሆናሉ። የእኛ ኅብረት ግን እንዳለ መጣ። ያ ንጋት የከበዳቸው ሁሉ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው መጡ። እኛ ደግሞ ሬሳ ካየን ተጠጋግተን መክበብ ነው የምናውቀው፤ መቃብሩን እንደ ግድግዳ ከበቡት። እኔ ከኋላ ካሜራዋን ይዤ የሚታየኝ የሰው ጀርባ ብቻ ሆነ። ሬዲ ነሽ እማዬ ትለኛለች ረድኤት፣ ምንም አይታየኝም እላታለሁ። ያን ጊዜ እትዬ ብርሃኔ ዞር ብላ አየችኝና ሁለት እጇን እንደ ክንፍ ዘርግታ ሰውን ወደ ግራና ወደ ቀኝ ገፋችው። "ቦታውን ልቀቁላት" አለች። መጋቢም ሳይቀሩ ዞር አሉ። መሃሉ ክፍት ሆነ። ገብቼ ቆምኩ። ክርኔን ጎኔ ላይ አጣበቅሁ፣ መዳፌን አየሁ፣ ትንፋሼን አወጣሁ፤ ቆጠርኩ። ቀኑ ግራጫ ነበር፤ ግን ሣጥኑ ሲወርድ ትንሽ ፀሐይ ወጣ።

ኢልዜ ቅጂውን ለብሩኖ ሚስት ላከችላት። ከወር በኋላ አሮጊቷ ደውላ ነበር አለችኝ። ስድስት ጊዜ አይታዋለች፤ እሷም እስከ አሥር ስትቆጥር ሰባት ላይ የሴትዮዋ እጅ ተንቀጥቅጧል፣ ግን ብሩኖ ቢሆን ኖሮ አይቆርጠውም ነበር ብላለች። ንገሪልኝ አልኳት ኢልዜን፤ የተንቀጠቀጥኩት አራት ላይ ነው፣ ሰባት ላይ እንኳን ለምጄው ነበር።